በሮም ብንስቅ ምን አለበት?

«ታሪክ አይቀለድበትም!»

ሰሞኑን «ፕሌብስ» የሚባለውን የእንግሊዞች ተከታታይ ኮሜዲ ያላያችሁ እዩት እያልኩ ያገኘሁትን ሁሉ ስጨቀጭቅ የሚመለስልኝ መልስ ይኼ ነው። አንዱ «ሮምን የሚያክል ሥልጣኔ በሽንት ቤት ቀልድ ማራከስ ነውር ነው» ይለኛል። ሌላዋ «ግላዲያተርን የመሰለ ፊልም እያለ ምን ቆርጦኝ ነው ይሄን የማየው?» ትለኛለች። ይባስ ብሎ «ጋዜጠኝነት የተማርሽው ለዚህ ነው?» ያለኝም አለ።

አዎ፣ ለዚህ ነው! እርግጥ ጋዜጠኝነት ስማር «ሚዛናዊ ሁኚ» ተብዬ ነበር። ዛሬ ግን ሚዛኑን ቤት ትቼው ነው የመጣሁት። አቋሜን ሳልደብቅ ልንገራችሁ፦ ስለ ጥንታዊቷ ሮም ከተሠሩት ባለ ግርማ ሞገስ ፊልሞች ይልቅ በእነሱ ላይ የሚያላግጡት ርካሽ ኮሜዲዎች ለእውነት ይቀርባሉ። በሮም ላይ መሳቅ ደግሞ ለሌላው ባያምርበት እንኳ ለኢትዮጵያዊ ያምርበታል። «እንዴት ሆኖ?» ለምትሉኝ፣ ትንሽ ታገሱኝ፣ እደርስበታለሁ።

(«ዓ.ም.» ብዬ ካልጻፍኩ በቀር ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። በኋላ እንዳንጣላ!)

*

መጀመሪያ ላላያችሁት። «ፕሌብስ» አይቲቪ 2 በሚባለው የእንግሊዝ ጣቢያ በ2013 ተጀምሮ እስከ 2019 ድረስ አምስት ምዕራፍ የታየ፣ በ2022 ደግሞ በአንድ ረዘም ያለ ልዩ ክፍል የተቋጨ ኮሜዲ ነው። ፈጣሪዎቹ ቶም ባስደንና ሳም ሌይፈር ናቸው። ርዕሱ የሮምን ተራ ሕዝብ፣ ማለትም መኳንንት ያልሆነውን ሁሉ ነው የሚጠራው። ቦታው ጥንታዊቷ ሮም ነው፤ ግን ቄሣር መሐል ላይ ቆሞ አይደነፋም፣ ሴናተር ጎራዴ አይመዝም። ያሉት ማርከስና ስታይላክስ የሚባሉ ሁለት ወጣቶች፣ ግሩሚዮ ከሚባል ባሪያቸው ጋር ነው። ማርከስ ቢሮ ተቀምጦ ሰነድ ሲገለብጥ ይውላል። ስታይላክስ እዚያው ቢሮ ሰነድ ሲያስወግድ ይውላል። አንዱ ይገለብጣል፣ ሌላው ይቀዳድዳል! ጉዳይ ይዞ መሥሪያ ቤት ለመሥሪያ ቤት የተመላለሰ ሰው ይሄ ቀልድ ከየት እንደመጣ ይገባዋል።

የቤት ኪራይ አለ። ነዝናዛ አከራይ አለ። ዝቅ አድርጋ የምታያቸው አለቃ አለች። ጎረቤት ያለችውን ልጅ ለማናገር የሚደረግ፣ የሚያዩት ሰው በእነሱ ፈንታ የሚያፍርበት መከራ አለ። ከጊዜ በኋላ ደግሞ የሕዝብ መጸዳጃ ቤት ገዝተው መጠጥ ቤት ለማድረግ ይታገላሉ። በቃ ታሪኩ ይኼው ነው። የሮም መንግሥት ከጀርባቸው ዓለምን ሲወር እነሱ የወሩን መጨረሻ ለመድረስ ይፍጨረጨራሉ።

ይሄ ዓይነቱ ፌዝ ትናንት የተጀመረ እንዳይመስላችሁ። በ1963 «ክሊዮፓትራ» የተባለው የኤልዛቤት ቴይለር ፊልም ወጣ። በዚያ ዘመን ታይቶ የማይታወቅ ገንዘብ ፈሶበት ቱዌንቲዝ ሴንቸሪ ፎክስን ለኪሳራ አፋፍ ያደረሰ ፊልም ነው። ቀረጻው መጀመሪያ የተሞከረው እንግሊዝ አገር ፓይንዉድ ስቱዲዮ ነበር፤ አልሆነም፣ ጓዛቸውን ጠቅልለው ሮም ሄዱ። ለፊልሙ ከተሠራው ዕቃና አልባሳት የተረፈውን ማን ቢያነሳው ጥሩ ነው? ኮሜዲያኖቹ! በ1964 «ኬሪ ኦን ክሊዮ» የሚባል የቀልድ ፊልም በዚያው ትርፍራፊ ተሠራ። ታላቁ ፊልም የጣለውን ለብሰው ታላቁን ፊልም ሳቁበት። ከዚህ የበለጠ አራዳነት ካለ ንገሩኝ።

የዚያ ፊልም ጸሐፊ ታልቦት ሮትዌል በ1969 ለቢቢሲ «አፕ ፖምፔይ!» የሚባል የቴሌቪዥን ኮሜዲ ጻፈ። ዋናው ሰው ሉርኪዮ የሚባል ባሪያ ነው፤ ፍራንኪ ሃወርድ ነው የተጫወተው። ሉርኪዮ ወደ ካሜራው ዞሮ የታሪኩን መግቢያ በወግ ሊያወራልን ይጀምራል፤ አንድ ሰው ገብቶ ያቋርጠዋል። እንደገና ይጀምራል፣ እንደገና ይቋረጣል። በየክፍሉ እንዲህ ነው። ታሪክን በግርማ ሞገስ ሊተርክ የተነሳ ሰው መግቢያውን እንኳ መጨረስ አቃተው! ለእኔ ስለ ታሪካዊ ፊልም ከተጻፈ ብዙ ትችት ይቺ አንዲት ቀልድ ትበልጥብኛለች።

እና «ይሄ የዛሬ ልጆች ብልግና ነው» የምትሉ ወገኖቼ፣ ሮማውያኑ ራሳቸው ከ2200 ዓመት ገደማ በፊት ፕላውቱስ በሚባል ጸሐፌ ተውኔት ይስቁ ነበር። የፕላውቱስ ተውኔቶች ውስጥ ጌታው ብዙ ጊዜ ጅል ነው፣ ልጁ በፍቅር የነሆለለ ነው፣ ሁሉንም የሚያሾራቸው ብልጡ ባሪያ ነው። ሮም በራሷ ስትስቅ ያልተቆጣችውን እኛ ምን ቤት ነን የምንቆጣላት?

*

አሁን ወደ ክርክሩ እንግባ። የመጀመሪያው ክስ «ኮሜዲው ታሪክ ያዛባል» የሚል ነው።

እሺ፣ የማያዛባውን እንይ። በ2000 የወጣውን «ግላዲያተር»ን እንውሰድ። አምስት ኦስካር ያገኘ ፊልም ነው። እኔም ደጋግሜ አይቼዋለሁ፣ ሙዚቃው ሲጀምር ፀጉሬ ይቆማል፣ አልዋሽም። በፊልሙ ውስጥ ማርከስ ኦሬሊየስን ልጁ ኮሞዱስ አንቆ ይገድለዋል። በታሪክ ማርከስ ኦሬሊየስ በ180 ታሞ ነው የሞተው ተብሎ ነው የሚታመነው፤ ኮሞዱስም ከ177 ጀምሮ ከአባቱ ጋር አብሮ የነገሠ ነበር። በፊልሙ ኮሞዱስ በሜዳው መሐል በጀግናው እጅ ይሞታል። በታሪክ በ192 የቅርብ ሰዎቹ አድመውበት ናርኪሰስ በሚባል ታጋይ ነው ታንቆ የተገደለው። ፊልሙ ሲያልቅ ሮም ወደ ሴኔቱ እጅ የምትመለስ ያስመስላል። በታሪክ ንጉሠ ነገሥት በንጉሠ ነገሥት ነው የተተካው።

«ቤን ሁር»ስ? 11 ኦስካር የወሰደው የ1959 ፊልም። እነዚያ በሰንሰለት ታስረው መርከብ የሚቀዝፉ ባሪያዎች ከዓይናችሁ ይጠፋሉ? በሮም የጦር መርከብ ላይ ቀዛፊው በአብዛኛው ደመወዝ የሚከፈለው ነፃ ሰው ነበር። የሁሉም ፊልሞች ነጭ የእብነ በረድ ሐውልትስ? ሮማውያን ሐውልቶቻቸውን ቀለም ይቀቡ ነበር። ቀለሙ በዘመን ብዛት ለቅቆ ነው ነጭ ሆኖ የደረሰን።

እንግዲህ ውሸቱ እኩል ከሆነ ልዩነቱ ምንድን ነው? ልዩነቱ ኮሜዲው እየቀለደ መሆኑን ይነግራችኋል፤ ታላቁ ፊልም ግን ቫዮሊን እያስለቀሰ እውነት ነው ብላችሁ እንድትወጡ ያደርጋችኋል።

ደግሞ ኮሜዲው የሚነካካቸው ነገሮች የምር የነበሩ ናቸው። የሮም ሕዝብ አብዛኛው ይኖር የነበረው በእብነ በረድ አዳራሽ ሳይሆን «ኢንሱላ» በሚባል የኪራይ ፎቅ ነው። ዛሬ ሀብታሙ ላይኛው ፎቅ ይፈልጋል፤ በሮም ግን የተገላቢጦሽ ነበር። ላይ የሚወጣው ደሃው ነው። ውኃ ተሸክሞ ደረጃ ይወጣል፤ እሳት ሲነሳ መጨረሻ የሚሰማው እሱ ነው። ቤቶቹ እየተደረመሱ ስላስቸገሩ አውጉስጦስ ከ70 የሮም ጫማ፣ ማለትም 20 ሜትር ያህል፣ በላይ እንዳይገነባ ከልክሎ ነበር። በዚሁ አውጉስጦስ ዘመን 200 ሺህ ያህል ሰው ከመንግሥት ነፃ ስንዴ ይወስድ ነበር። የዓለም ጌታ የተባለችው ከተማ ውስጥ 200 ሺህ ሰው ለስንዴ ይሰለፋል!

ፖምፔይ በ79 በእሳተ ገሞራ አመድ ስትቀበር ግድግዳዎቿ ላይ የተጻፈው ሁሉ አብሮ ተቀበረ። ከ10 ሺህ በላይ ጽሑፍ ተገኝቷል። ምን የተጻፈ ይመስላችኋል? የጀግንነት ፉከራ? ምርጫ ቅስቀሳ አለ፣ የፍቅር ስሞታ አለ፣ ስድብ አለ፣ ዕዳ አለ፣ የመጠጥ ቤት ወሬ አለ፣ በዚህ ገጽ የማይጻፍ ብልግናም ሞልቷል። ባጭሩ፣ ከ«ግላዲያተር» ይልቅ ወደ «ፕሌብስ» ይቀርባል። ሮማዊው ራሱ በእጁ የጻፈው ምስክርነት ለኮሜዲው ነው የመሰከረው። ሌላ ምስክር ትፈልጋላችሁ?

*

ሁለተኛው ክስ ይከብዳል። «እሺ፣ ዝርዝሩ ይዛባ። ግን ታላቅነትን ማክበር ጥሩ ነው፤ ሁሉም ነገር ከተሳቀበት ለወጣቱ ምን ይቀረዋል?» የሚል ነው። ቃል የገባሁላችሁ ነገር እዚህ ጋ ነው የሚመጣው።

ግንቦት 9 ቀን 1936 ሙሶሊኒ ሮም ውስጥ ሰገነት ላይ ቆሞ የሮም ኢምፓየር እንደገና ተነሳ ብሎ አወጀ። የተነሳው በምን ላይ ነው? በእኛ ላይ! ጦሩ አዲስ አበባ ከገባ ገና አራት ቀኑ ነበር። ከዚያ በፊት በነበሩት ወራት ደግሞ ከአውሮፕላን የመርዝ ጋዝ ሲዘንብብን ነበር የከረመው። ሙሶሊኒ በሮም ዋና መንገድ ዳር የጥንቷን ሮም መስፋፋት ደረጃ በደረጃ የሚያሳዩ አራት የእብነ በረድ ካርታዎች አሰቅሎ ነበር። በ1936 አምስተኛ ጨመረበት። አምስተኛው ኢትዮጵያን የጨመረው የፋሺስቶቹ ኢምፓየር ነው። ከጦርነቱ በኋላ አምስተኛው ተነሳ፤ አራቱ እዚያው ቀሩ።

ከዚያስ? ፊልም ተሠራ። በ1937 «ሺፒዮኔ ላፍሪካኖ»፣ ማለትም «አፍሪካዊው ሺፒዮ»፣ የሚባል ግዙፍ የታሪክ ፊልም በካርሚኔ ጋሎኔ አዘጋጅነት ወጣ። ሠረገላው፣ ዝሆኑ፣ የሕዝቡ ጭብጨባ፣ ምንም የጎደለው የለም። ታሪኩ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ202 ሮም አፍሪካ ምድር ላይ ሃኒባልን ስለማሸነፏ ነው። የፋሺስቱ መንግሥት ገንዘቡን ያፈሰሰው ለጥንት ታሪክ ፍቅር ብሎ አልነበረም። ተመልካቹ ሺፒዮን እያየ ሙሶሊኒን እንዲያስብ፣ ካርቴጅን እያየ ኢትዮጵያን እንዲያስብ ነው። በዚያው ዓመት በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ጣሊያን ፊልም ሽልማት ወሰደ። የሽልማቱ ስም ምን ይባላል? የሙሶሊኒ ዋንጫ!

አሁን ዓመቱን ልብ በሉት። 1937። አዲስ አበባ ላይ የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. የተፈጸመው ጭፍጨፋ ፈረንጆቹ 1937 በሚሉት ዓመት ነው። የአክሱም ሐውልት ተወስዶ፣ ጥንት ሠረገላ ይጋለብበት ከነበረው ሰርከስ ማክሲመስ አጠገብ ሮም ላይ የተተከለውም በዚያው 1937 ነው። ጭፍጨፋው፣ ሐውልቱ፣ ፊልሙ፣ ሁሉም በአንድ ዓመት። እነሱ ታሪካዊ ፊልም ሲያዩ እኛ ለቅሶ ላይ ነበርን።

ስለዚህ ወዳጄ፣ «የሮምን ታላቅነት አክብሪ» ስትለኝ ለማን ብዬ እንደሆነ ንገረኝ። ያ ግርማ ሞገስ ባዶውን አልነበረም። ሰው እንዲገድሉ የሚላኩ ልጆችን ልብ ለማሞቅ የዋለ ግርማ ሞገስ ነው። በዚያ ዘመን አንድ ጣሊያናዊ ሉርኪዮ ተነስቶ መግቢያውን ደጋግሞ ቢያቋርጥባቸው ኖሮ እንዴት ባማረ!

«ግላዲያተርን የሠራው ሙሶሊኒ አይደለም» እንደምትሉኝ አውቃለሁ። ልክ ናችሁ፣ አይደለም። ግን እስቲ የፊልሙን መጀመሪያ አስታውሱ። ሮማውያን በጥሩ መሣሪያ ተሰልፈው ቆመዋል። ከፊታቸው ጫካ አለ። ከጫካው ጀርመኖች እየጮኹ ይወጣሉ፤ ጢማቸው የተንጨባረረ፣ ቆዳ የለበሱ፣ አንዳቸውም ስም የሌላቸው። ጫካው በእሳት ይጋያል፣ ይታረዳሉ፣ እኛ ደግሞ እናጨበጭባለን። ማነው ወራሪው? አገሩን የሚጠብቀውስ ማነው? አድዋን በየዓመቱ እያከበረ ያደገ ልጅ ለወራሪው ጦር ሲያጨበጭብ አይገርማችሁም? በየትኛው ወገን እንደቆምን ሙዚቃው አስረሳን። የታላቁ ፊልም ጉልበት ይኼ ነው፤ የምፈራውም ይኼንኑ ነው።

*

ስለ ኮሜዲዎቹ ስብከት ብቻ አድርጌ ልለፍ ብል ግን ራሴን አታለልኩ ማለት ነው። ሳቄ የሚቆምበት ቦታ አለ፤ ግሩሚዮ።

ግሩሚዮ ባሪያ ነው። ሰነፍ ነው፣ ሆዳም ነው፣ ጌቶቹን አይፈራም፣ አብሮ ቤት እንደሚጋራ ጓደኛ ነው የሚያደርገው። እንግሊዛዊው ተመልካች በደንብ ይስቃል፤ ቃሉ በእነሱ ቋንቋ ሩቅ የታሪክ ቃል ነውና። እስቲ ያንኑ ቀልድ በአማርኛ ተርጉማችሁ ጮክ ብላችሁ በሉት። «ባሪያዬን ጠርቼ...»። ምላስ ላይ ይይዛል አይደል? በእኛ አገር ባርነት በአዋጅ የተሻረው በ1934 ዓ.ም. ነው። የሰው አያት የሚያስታውሰው ዘመን ነው። ቃሉም እስከ ዛሬ በየሰፈሩ ሰው ይሰደብበታል። ጣሊያን እንኳ አገራችንን ስትወር «ባርነትን ላጠፋ ነው» ብላ ምክንያት ያደረገችው ይቺኑ ቁስላችንን ነው። እኛ ይሄን ቀልድ እንደ እንግሊዞቹ ተዝናንተን መሳቅ አንችልም፤ መቻልም የለብንም። በ«አፕ ፖምፔይ!» ውስጥ ግማሽ እርቃናቸውን ከመመላለስ በቀር ሥራ ያልተሰጣቸው ሴቶችም ሌላው ቅሬታዬ ናቸው። የቤቱን ጌታ አሳንሶ የሳቀ ደራሲ ሴቶቹ ጋ ሲደርስ ብዕሩ ሰነፈበት።

ግን ይሄ ጥፋት ለታላላቆቹ ፊልሞች ማምለጫ ይሆናል? በጭራሽ! «ቤን ሁር» ላይ የምናለቅሰው ለማን ነው? መስፍን ሆኖ ሳለ ባሪያ ለተደረገ ሰው። «ግላዲያተር» ላይስ? የጦር አዛዥ ሆኖ ሳለ ባሪያ ለተደረገ ሰው። አስተውላችኋል? ባርነት የሚያሳዝነው የማይገባው ሰው ላይ ሲደርስ ነው! ባሪያ ሆኖ የተወለደው፣ አጠገቡ በሰንሰለት የታሰረው፣ ስሙን እንኳ የማናውቀው ሰውዬ የሚገባውን ያገኘ ይመስል ካሜራው ዘልሎት ያልፋል። የ1960ው «ስፓርታከስ» ለየት ይላል፤ እሱን አከብራለሁ። እውነተኛው የስፓርታከስ ዐመፅ ሲደመሰስ 6 ሺህ ያህል ሰው ከካፑዋ እስከ ሮም መንገድ ዳር ለዳር በመስቀል ተሰቅሏል። ስማቸውን የመዘገበ የለም።

የኮሜዲው ጥፋት እንግዲህ መሳቁ አይደለም። በግማሽ መንገድ መቆሙ ነው። በአከራዩ ሳቀ፣ በአለቃዋ ሳቀ፤ በሉርኪዮ ዘመን በጌታውም ሳቀ። በባርነቱ ላይ ግን ሳቁን ወደ ጌትነት ማዞር ሲገባው ባሪያውን ደስተኛ አድርጎ አለፈው። ስለዚህ ከኮሜዲያኖቹ የምጠይቀው ትንሽ አክብሩ ብዬ አይደለም። ጨምሩበት ነው የምለው።

*

ይሄ ሁሉ ለእኛ ምን ይፈይዳል?

እኛም እኮ ታሪካችንን በአንድ ድምፅ ብቻ ነው የምናውቀው። ታሪካዊ ድራማ ሲባል ካባ፣ ጎራዴ፣ ጎፈር፣ ጉሮሮ እየጠረገ የሚያወራ ተዋናይ። ንጉሡ ይፎክራል፣ ሕዝቡ እልል ይላል። ድግሱን ያበሰለችው፣ ውኃ የቀዳችው፣ በቅሎ የጫነው፣ ስንቅ ተሸክሞ ከጦሩ ኋላ የሄደው ገበሬ የት ገባ? መሳቅ ስለማናውቅ አይደለም። አለቃ ገብረ ሃናን የወለደ አገር ነው። አዝማሪው በጌታው ፊት በቅኔ ጌታውን ሲሸነቁጥ የኖረበት አገር ነው። ዘመናዊው የአማርኛ ቴአትር ራሱ የተጀመረው በፌዝ ነው፤ በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት አውሬዎችን እያናገሩ የቤተ መንግሥቱን ሰዎች የነኩበት «ፋቡላ» ነው በኩሩ። በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን ታገደ። የመጀመሪያ ተውኔታችን ኮሜዲ ነበር፤ የመጀመሪያ የታገደ ተውኔታችንም እሱው ነው። ከዚያ ወዲህ ጎራዴው በዛ፣ ሳቁ አነሰ።

በአያቶቻችን ላይ እናላግጥ እያልኩ አይደለም። ለአገር የሞተ ሰው ክብሩ በቀልድ አይቀንስም፤ በቀልድ የሚቀንስ ክብር ያለው የውሸት ጌታ ብቻ ነው። እያልኩ ያለሁት፣ አንድ ሰው ታሪክን በከበሮና በመለከት አጅቦ ሲያቀርብላችሁ ማን እንደከፈለበት ጠይቁ ነው። ወጥ ቤት ያለችውን ሴት ፈልጉ። ከጫካው የሚወጣውን ስም የለሽ ሰው ፈልጉ። ኮሜዲያኑ ይሄን ጥያቄ በቀልድ ከጠየቀ እሰየው፤ በቁም ነገር የሚጠይቅ ካለም እሰየው። ጥያቄው ብቻ አይቅር።

የአክሱም ሐውልት 68 ዓመት ሮም ቆይቶ በ2005 ወደ አገሩ ተመለሰ፤ በ2008 በቦታው ተተከለ። አድናቆታችን ግን አሁንም እዚያው ሮም ቆሟል። እሱንስ መቼ ነው የምናስመልሰው?